በካዎሉ ያልተጠራው ስም

ፀሐይ ልትጠልቅ ትንሽ ሲቀራት ግድግዳው ይጠይቃል።

«ዛሬ በዚህ ቤት ማን አለ?»

ድምፁ የሴት ነው፤ ትሕትናው አይጣል ነው። ፒዌን እጇን በሽርጧ ትጠርግና በመስኮቱ አጠገብ ከተለጠፈችው መዳፍ ከምታክል ጥቁር ሰሌዳ ፊት ትቆማለች።

«ፒዌን አለች» ትላለች። «ሂፓው አለች» ትላለች፤ ሂፓው የአሥራ አራት ዓመት ልጇ ናት። ከዚያ አንገቷን ደፋ አድርጋ ዝም ትላለች።

«ሌላ ሰው አለ?» ይላል ግድግዳው።

«አለ።»

«ስም?»

አሁንም ዝም።

«ሁለት ሰው ተመዝግቧል። መልካም ምሽት።»

ሰማንያ ሦስት ቀን እንዲህ አለፈ። ሦስተኛው ሰው ሰማንያ ሦስቱንም ምሽቶች ከጀርባዋ ተቀምጦ ነበር፤ በደህና እጁ መረብ ይጠግናል፣ ደህና ያልሆነችውን እጁን በጉልበቱ ላይ አሳርፏል። የባሏ አባት ነው። ስሙን እዚህ አንጽፈውም። ታሪኩ የፒዌን ነውና እሷ ሃያ ስድስት ዓመት የተጠነቀቀችለትን ስም እኛ አፋችንን ሞልተን ብንጠራው ነውር ይሆናል።

በማኑስ ደሴት ደቡብ ዳርቻ ሚስት የአማቷን ስም አትጠራም። ድሮ ድሮ ነገሩ ከዚህም ይብስ ነበር፤ ሴቶቹ በታንኳ ሲሄዱ አማት ብቅ ካለ በሰሌን ይሸፈኑ ነበር ይባላል። ሰሌኑ የዛሬ መቶ ሃምሳ ዓመት ገደማ ቀረ። ስብከቱ መጣ፣ ትምህርት ቤቱ መጣ፣ ባሕሩም ሽቅብ መጣ፤ የስሙ ነገር ግን ንቅንቅ አላለም። ይህ ጭንቀት አይሆንባቸውም። በዚያ ባለችው በካዎሉ መንደር አንዲት ሴት ስለ ቤተሰቧ ስታወራ በወሬው መካከል ጸጥ ካለች፣ ሰሚው ሁሉ ማንን እንዳለች ወዲያው ያውቃል። ዝምታው ራሱ ስሙ ነው፤ እንዲያውም ከስሙ ይልቅ ክብር አለው።

ግድግዳው ስለሚያካሂደው የመንግሥት ቆጠራም ትንሽ እንበል። እነዚህ ሰዎች ለመቆጠር አዲስ አይደሉም። ጀርመኖች መጥተው ቆጠሯቸው። አውስትራሊያውያን መጥተው ቆጠሯቸው፤ ጃፓኖች በጦርነቱ መካከል ደረሱና ቆጠሯቸው፤ አሜሪካኖች ወደቡን በመርከብ ሞልተውት በሄዱ ማግስት አውስትራሊያውያን ተመልሰው እንደገና ቆጠሯቸው። ሁሉም በደብተር ነበር። አሁን ግን ደብተርም ቆጣሪም የለም። ድምፅ ብቻ ነው የሚፈለገው። ሰው ራሱን ይጠራል፤ ልጅ ከሆነ ወይም መናገር ካልቻለ አብሮት የሚኖር አዋቂ ይጠራዋል። ዘጠና ቀን ሳይጠራ የቀረ ሰው መዝገቡ ይዘጋል። መዝገቡ የተዘጋበት ሰው የውሃ ድርሻ የለውም፣ በምርጫ ድምፅ አይሰጥም፣ በየሰኞው ያለ ቀዛፊ የምትመጣው የመድኃኒት ጀልባም መሳቢያዋን አትከፍትለትም።

ሽማግሌው እስከ ባለፈው ዝናብ ድረስ ራሱን ይጠራ ነበር፤ ያውም ግድግዳው ሳይጠይቀው፣ እየጮኸ። አንድ ጠዋት የቤቱን ደረጃ ሲወርድ ግራ ጎኑ ከዳው፤ ምላሱም አብሮ ተሳሰረ። ከዚያ ወዲህ ልቡን የሚያቆየው ከጀልባዋ የሚመጣው መድኃኒት ነው። ሐኪሟ በስክሪን ላይ ሆና እቅጩን ነግራቸዋለች፤ መድኃኒቱ ከሁለት ሳምንት በላይ ከተቋረጠ ልቡ አይቆይም።

የፒዌን ባል ፖማት ቢኖር ኖሮ ነገሩ ሁሉ አንድ ቃል ነበር። ፖማት ግን እስክንድርያ ነው። የካዎሉ ሰዎች ከጥንት ጀምሮ ባሕር ላይ ግንድ ተክለው ቤት ሲሠሩ የኖሩ ናቸውና፣ ከተሞቻቸው የሰጠሙባቸው አገሮች ዛሬ እንደ ሐኪም ይፈልጓቸዋል። ፖማት ግብፆችን ግንድ አተካከል ሲያስተምር ዓመት ሊሞላው ነው፤ የሚመለሰው ከስምንት ወር በኋላ ነው።

በሰማንያ ሦስተኛው ምሽት ግድግዳው «መልካም ምሽት» ብሎ አላበቃም።

«ማሳሰቢያ» አለና የሽማግሌውን ስም ከነአባቱ አስተካክሎ ጠራው። ፒዌን ጆሮዋን በሁለት እጇ ያዘች። «ከሰባት ቀን በኋላ መዝገባቸው ይዘጋል። ለደረሰባችሁ ሐዘን መጽናናትን እንመኛለን።»

ፒዌን ያን ጊዜ ነው የገባት። እስከዚያች ሰዓት ድረስ ግድግዳው የሚረዳት መስሏት ነበር። የተማሩ ሰዎች የሠሩት ነገር ነው፤ ይህን ሁሉ ዓመት ቤታቸው ተለጥፎ እየሰማ የኖረ ነው፤ ምራት በዝምታ ማንን እንደምትጠራ እንዴት ያጣዋል? የሞተ ሰው አድርጎ ሲቆጥረው እንደከረመ ስትረዳ ሰማይ ተደፋባት።

ያልሞከሩት ነገር የለም። ሂፓው ተነሥታ የአያቷን ስም ጠራች፤ የልጅ ልጅ ክልከላ የለባትም። ግድግዳው «ዕድሜሽ አልደረሰም» አላት። ጎረቤት መጥቶ ጠራ፤ «የዚህ ቤት ድምፅ አይደለም» ተባለ። ፖማት ከእስክንድርያ በስልክ ጮኸ፤ ግድግዳው ቤት ውስጥ ያልተገኘ ድምፅ እንደማይቀበል በትሕትና አስረዳው። ፖማት ስልኩ ላይ አለቀሰ። «አንቺው ጥሪው በቃ» አላት። «ለነፍሱ ነው።»

በሰማንያ ዘጠነኛው ቀን ከዋናው ከተማ አንዲት ወጣት ሠራተኛ በጀልባ መጣች። ዶርካስ ትባላለች፤ ከዋናው ምድር የደጋ ሰው ናት፤ ባሕር ላይ ከቆመ ቤት ገብታ ስለማታውቅ በወለሉ ርብራብ ሥር ውሃው ሲንቀሳቀስ ባየች ቁጥር እርምጃዋ ይጠፋባታል።

«ሟቹን ለማረጋገጥ ነው የመጣሁት» አለች አንገቷን ሰበር አድርጋ። «አዝናለሁ።»

ሟቹ ተነሥቶ ወንበር አቀረበላት።

ዶርካስ ወንበሩን አየች፤ ሽማግሌውን አየች፤ እጇ ላይ ያለውን ሰሌዳ አየች። «እኚህ ማን ናቸው?»

«ቡቡ ናቸዋ!» አለች ሂፓው። ልጆች አያታቸውን ቡቡ ነው የሚሉት። «የሞቱት እሳቸው ናቸው።»

«ታዲያ ለምንድን ነው ያልተጠሩት?»

«በየቀኑ ጠርቻለሁ» አለች ፒዌን።

ዶርካስ ሰሌዳዋን ነካ ነካ አድርጋ የምሽቶቹን ቅጂ ከፈተች። «ፒዌን አለች። ሂፓው አለች።» ከዚያ ምንም የለም። የውሃው ድምፅ ብቻ።

«ምንም አይሰማም፣ ማማ ፒዌን።»

«እሱ ነው እኮ» አለች ፒዌን። ፊቷ ቀላ። «እዚያ ጋ ዝም ስል... ይኸው ነው። ካዎሉ ውስጥ ይህን የማይሰማ ሰው የለም።»

ዶርካስ ገባት። «በእኛም አገር እንዲህ ያለ ነገር ነበር ይባላል። እኔ አልደረስኩበትም፤ አያቴ ናት የምታወራው።» ከዚያ ወደ ሥራዋ ተመለሰች። «ማማ፣ እውነቱን ልንገርዎት። እኔ መዝገብ መዝጋት እችላለሁ፤ ክፍት አድርጎ ማቆየት ግን አልችልም። ያን የሚያደርገው ድምፅ ብቻ ነው። እሳቸው ራሳቸው አንዳች ድምፅ ካላቸው እንደ ስም አድርጌ ላስገባላቸው እችላለሁ። ከራሳቸው የሚወጣ፣ ሦስት ጊዜ አንድ ዓይነት የሆነ። አለበለዚያ እርስዎ ይጥሯቸው። አንድ ጊዜ ብቻ!»

ሽማግሌው እየተጎተተ ሄዶ ግድግዳው ፊት ቆመ። አፉን ከፈተ። ደረቅ ትንፋሽ ብቻ ወጣ። እንደገና ሞከረ፤ የአንገቱ ሥር ተገታተረ፤ ትንፋሹ እንደ ተቀደደ ሸራ ተርገበገበ። ግድግዳው «ይድገሙ፤ አልተሰማም» ይላል። በአራተኛው ጊዜ ሽማግሌው ፊቱን አዙሮ ተቀመጠ። ድሮ ሳቁ ከሦስት ቤት ማዶ የሚሰማ ሰው ነበር።

«ነገ ፀሐይ ስትጠልቅ ዘጠና ይሞላል» አለች ዶርካስ፤ ልታድር ወደ ቤተ ክርስቲያኑ የእንግዳ ማረፊያ ስትሄድ። «አመሻሹ ላይ እመጣለሁ።»

በማግሥቱ ረፋድ ፒዌን ታንኳዋን ፈትታ ብቻዋን ወጣች። ዓሣ ላስግር ነው ብላለች፤ መረብ ግን አልያዘችም። ማዕበሉን የሚገድበውን የኮራል ድንጋይ አልፋ ቤቶቹ ከዓይን እስኪጠፉ ቀዘፈች። የመጣችበት ጉዳይ ልምምድ ነው። ስሙን ሃያ ስድስት ዓመት ሙሉ በአፏ አላሳለፈችውም፤ ምሽት ላይ ቢያንቀኝ ምን ይሆናል ብላ ፈርታለች። ምላሷ ይሁን ድፍረቷ ማን ያውቃል፣ መጀመሪያ ሳል መጣባት። ከዚያ ሳቅ መጣባት። በሦስተኛው ወጣ። በደንብ፣ ጥርት ብሎ ወጣ።

ምንም የሆነ ነገር የለም። ውሃው ውሃ ነው። ግን ፒዌን ታንኳዋ ውስጥ ተኮራምታ አለቀሰች። አዲስ ሙሽራ ሆና እዚያ ቤት የገባች ሰሞን ማንም ሊያወራት ባልፈለገ ጊዜ ሽማግሌው በየጠዋቱ ካጠመደው ዓሣ ትልቁን ለይቶ ያለ ቃል በሯ ላይ ይተውላት ነበር። አያናግራትም፤ ወግ ነው፤ ግን ዓሣው አንድም ቀን አልጎደለም። እሷም ስሙን ሳትጠራ ኖራ ነው ያንን የመለሰችለት። ሌላ የምትሰጠው ነገር አልነበራትም። ዛሬ ማታ ነፍሱን ልታተርፍ ያንኑ ልትነጥቀው ነው፤ ያውም እንግዳ ሰው ፊት። «ይሁን» አለች ጮክ ብላ። «ይቀየመኝ። በሕይወት ሆኖ ይቀየመኝ።» እናም ቀዝፋ ተመለሰች።

ምሽት ላይ ዶርካስ መጥታ ወንበሯ ላይ ተቀመጠች። ሂፓው በሩ ላይ ነች። ሽማግሌው ከውጭ፣ ከበረንዳው ርብራብ ላይ ተቀምጦ በክፍቱ በር የምራቱን ጀርባ ያያል። ፒዌን ቀኑን ሙሉ ዓይኑን ስትሸሽ ነው የዋለችው፤ እሱም ምን ልታደርግ እንደሆነ ሳያውቅ አይቀርም። ሰው እንዲህ አብሮ ሲኖር ምን የሚደበቅ ነገር አለ?

«ዛሬ በዚህ ቤት ማን አለ?»

«ፒዌን አለች። ሂፓው አለች።»

አንገቷን አልደፋችም። ቀና አለች፤ አየር ሳበች፤ ከንፈሯ የስሙን መጀመሪያ ያዘ።

ከበረንዳው ከበሮ ተመታ።

ስለ ከበሮው እስካሁን ያልተነገረው በዚያ ቤት ማንም ስለማያነሣው ነው። በማኑስ ትልልቅ ቤቶች ደጃፍ ላይ ከአንድ ግንድ የተፈለፈለ፣ በጎኑ ቀጭን ስንጥቅ ያለው ከበሮ ይኖራል። እያንዳንዱ ሰው የራሱ አመታት አለው፤ ያ ሲመታ ማን እንደ ተጠራ ባሕር ላይ ያለ አስጋሪ ሁሉ ይለያል። ሽማግሌው በደቡብ ዳርቻ ተወዳዳሪ ያልነበረው መቺ ነው። ከታመመ ወዲህ ግን ዱላውን ጣሪያ ሥር ሰክቶ በከበሮው ላይ መረብ አልብሶበታል። ካዎሉ ውስጥ ሰው በድህነቱ አይሳቅበትም፣ በሕመሙም አይሳቅበትም፤ አመታቱ ከተንሻፈፈ ግን ሕፃናት ሳይቀሩ ይስቁበታል። ሽማግሌው ይህን መሳቂያነት ከመሸከም ሞትን የመረጠ ይመስል ነበር።

አሁን ግን መረቡን ገፎ፣ ዱላውን በደህና እጁ ይዞ መትቷል። ሁለት ረጃጅም፣ ሦስት ፈጣን፣ አንድ ረጅም። ከሦስቱ ፈጣኖች የመጨረሻው ዘግይቶ፣ ተንገዳግዶ ነው የደረሰው። ከማዶ ቤት አንድ ሰው ሳቀ፤ ወዲያው ደግሞ ዝም አለ።

የፒዌን ከንፈር እንደ ተከፈተ ቀረ። ስሙ አልወጣም።

«ምንድን ነው እሱ?» አለች ዶርካስ ብድግ ብላ።

«ቡቡ ናቸው» አለች ሂፓው። «ስማቸው ነው። ራሳቸውን እየጠሩ ነው።»

«ያልታወቀ ድምፅ ተሰምቷል» አለ ግድግዳው። «ከዚህ ቤት ሰው ነው?»

«ነው! ነው!» ዶርካስ ሰሌዳዋን ልትጥለው ምንም አልቀራት። «ከራሳቸው የሚወጣ ነው ያልኩት፤ ከጉሮሮ ነው አላልኩም! ሁለት ጊዜ ይድገሙት አባባ፣ ልክ እንደዚያው!»

ሽማግሌው መታ። ሁለት ረጃጅም፣ ሦስት ፈጣን፣ አንድ ረጅም። የመጨረሻዋ ፈጣን አሁንም ተንገዳገደች። ላቡ በግንባሩ ወረደ። ፒዌን አልዞረችም፤ ፊቷን ወደ ግድግዳው እንዳደረገች በጣቶቿ የሽርጧን ጫፍ ጨብጣ ትቆጥራለች። ለሦስተኛ ጊዜ ሲመታ ዱላው ሊያመልጠው ነበር፤ አጥብቆ ያዘውና ጨረሰ።

ግድግዳው ዘገየ። እንዲህ ዘግይቶ አያውቅም።

«ሦስቱ አንድ ናቸው» አለ። «የአምስተኛው ምት መዘግየት በሦስቱም እኩል ነው። ድምፁ ታውቋል። በዚህ ቤት ሦስት ሰው አለ። መልካም ምሽት።»

ሂፓው እየጮኸች በረንዳው ላይ ዘለለች። ዶርካስ ወለሉ ላይ ዝርፍጥ ብላ ተቀመጠች፤ ውሃውን መፍራት ረስታለች። ፒዌን እንባዋ በአፍንጫዋ እየወረደ ወደ ጓዳ ገባችና የሳጎ ቂጣውን ቆረሰች። ቂጣው ከዘንባባ ግንድ ዱቄት የሚጋገር ነው፤ ሽማግሌው ትኩሱን ይወዳል። ከዓሣው ትልቁን ለይታ፣ በሳህን አድርጋ፣ ፊቷን ዘወር አድርጋ ከአጠገቡ አኖረችለት። ሁለቱም ምን እንደ ተደረገ ያውቃሉ፤ እሷ ለእሱ ስትል ልታፍር ነበር፣ እሱ ቀድሟት አፈረላት።

ዶርካስ በማግሥቱ አልሄደችም። አንድ ነገር ሲከነክናት አድሯል። የተዘጉትን መዝገቦች ስትመረምር፣ ከዘጠና ቀን ዝምታ በኋላ ከካዎሉ ብቻ በአራት ዓመት ውስጥ ሰባት ሽማግሌና አሮጊት «ሞተዋል»። ያኔ ማረጋገጫው የሚሠራው ከቢሮ ሆኖ ነበር፤ መጥቶ ያየ የለም። ከሰባቱ አምስቱን በአንድ ጠዋት አገኘቻቸው። አንደኛው ጀልባ ሲቀባ ነው የተገኘው። መንግሥት የረሳቸው መስሏቸው፣ ከልጆቻቸው የውሃ ድርሻ እየተጋሩ ዝም ብለው ይኖሩ ነበር።

ከአምስቱ አንዷ ቡቡ ኢሎዌን ናት፤ ፊት ለፊት ያለው ቤት አሮጊት። መናገርስ ትናገራለች፤ እንዲያውም ማን ያስቆማት! ጥርሶቿ ካለቁ ወዲህ ግን ግድግዳው ቋንቋዋን አይለይላትም። ልጇ እንደ ፖማት በውጭ አገር ነውና፣ ምራቷም እንደ ፒዌን አንገቷን ደፍታ ዝም ስትልላት ኖራለች። መዝገቡን እንደገና ለመክፈት ያው ሦስት ድምፅ ነው የሚፈለገው።

ችግሩ ግን ካዎሉ ውስጥ ሴት ከበሮ መትታ አለማወቋ ነው። ወንዶቹ በየበረንዳው ማጉረምረም ጀመሩ። ሽማግሌው መከራከር አይችልም፤ ስለዚህ አልተከራከረም። ዱላውን ይዞ ታንኳ ውስጥ ገባ፤ ሂፓው ቀዘፈችለት፤ ማዶ ሲደርሱ ደረጃውን በአንድ እግሩ እየተሳበ ወጣና ዱላውን በአሮጊቷ እጅ አስጨበጣት። ማጉረምረሙ እዚያው ላይ ቆመ።

ቡቡ ኢሎዌን በደጃፏ ያለውን ከበሮ መታች። ያሳፍራል። ምቶቹ እንደ ፈሰሰ ድንች ነው የተንከባለሉት። መንደሩ በሙሉ በሳቅ ፈረሰ፤ ፒዌን ከበረንዳዋ ላይ ሆዷን ይዛ ሳቀች፤ ሽማግሌውም ሳቀ፤ ከወራት በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ ከጉሮሮው እውነተኛ ድምፅ ወጣ። አሮጊቷ ግን ንቅንቅ አላለችም። «ይድገሙ» ይላታል ግድግዳው፤ ትደግማለች። «አይመሳሰልም» ይላታል፤ ትሰድበውና ትደግማለች። አሥራ አንድ ጊዜ ሞከረች፤ ፀሐይም ልትጠልቅ ሆነ።

«ድምፁ ታውቋል» አለ ግድግዳው በመጨረሻ። «በዚህ ቤት አምስት ሰው አለ።»

ዶርካስ እያለቀሰች አጨበጨበች። የአሮጊቷ ምራት ሮጣ አቅፋት፣ «በቃ፣ አለቀ፣ ተቀበለሽ እኮ፣ አሁን ዱላውን ስጪኝ» አለቻት።

«አልሰጥም» አለች ቡቡ ኢሎዌን፤ ዱላውን ወደ ላይ አንሥታ። «አራት ዓመት ሞቼ ነው የከረምኩት። ገና መች ጠገብኩ!»

ደግማ መታችው።